የኤልፊዲዮ ገመድ

ኤልፊዲዮን ጧት ያገኙት ከወንዙ ማዶ ነው። የራሱ የጠፍር ገመድ ቁርጭምጭሚቱን አንቆታል፤ ሌላው ጫፍ በፈረሱ ኮርቻ ፊት በቆመው ቀንድ ላይ ተቋጥሯል። ፈረሱ ሉሴሮ ከሬሳው አጠገብ ንቅንቅ አላለም። አርባ ዓመት በካሊፎርኒያ ሜዳ ከብት የነዳው ሽማግሌ ከፈረሱ በቀር ዘመድ አልነበረውም።

ዳኛው ዶን ክሪሳንቶ ሲደርሱ፣ አምና ከቴክሳስ የመጣው የእረኞች አለቃ ቶርኩዋቶ ጠመንጃውን አጉርሶ ቆሟል።

«ጌታውን ጎትቶ የገደለ ፈረስ በሕይወት አይኖርም» አለ።

«ቀስ በል፤ የትም አይሄድብህም።»

ዳኛው ሚስታቸው ከሞተች ወዲህ ብቻቸውን ነው የሚበሉት፤ የፈረሱን አንገት ዳበስ አደረጉ። ጎንበስ ብለው የሟቹን የቆሰለ ማጅራትና ቀኝ እጁን አዩ። አውራ ጣት የለውም።

«ይህ ጣት ምን ሆነ?» ሲሉ የርስቱን እመቤት ዶኛ ፕራክሴዲስን ጠየቁ፤ እያወቁ።

«ገመድ በላው! ከብት ሲይዙ በኮርቻው ቀንድ ላይ ይጠመጥሙታል፣ ጣት መሀል ይገባል።»

«ቋጥረው አይገላገሉም?»

«ጠፍር ተቋጥሮ ወይፈን ይችላል? ይበጠሳላ! የተጠመጠመ ግን እየተንሸራተተ ይለቃል። ኤልፊዲዮ ቢሰማዎ በሳቀብዎ።» ወደ ሬሳው ዞረች። «ትናንት ‹ስለ ጥጆቹ የምነግርዎ አለኝ› አለኝ። ነገ አልኩት።»

ዳኛው ሰዉን ሁሉ በረቱ ውስጥ ሰበሰቡ። የጠፍር ገመድ አስመጥተው «በተራ ወይፈን ያዙልኝ» አሉ። የእመቤቲቱ ልጅ ሊሳንድሮ ወርውሮ ያዘና ጠመጠመ። ሽማግሌው እረኛ ኒካኖርም ጠመጠመ። ቶርኩዋቶ ግን ገና ሳይወረውር ጫፉን በኮርቻው ቀንድ ላይ ቋጠረ። ወይፈኑ ሲስበው ገመዱ ተበጠሰ፤ ሰዉ ሳቀ።

ዳኛው አልሳቁም።

«በአገርህ ገመዱ የማይበጠስ ቃጫ ነው፣ ቋጥራችሁ ትወረውራላችሁ። የዚህ አገር ሰው አይቋጥርም፤ ኤልፊዲዮማ ጣቱን ሰጥቶም አልቋጠረ። ከኋላ መትተህ ከጣልከው በኋላ እግሩን አስረህ፣ ጫፉን ኮርቻው ላይ ቋጥረህ ፈረሱን ገረፍክ። እጅህ የለመደውን አደረገ።»

«የእሱ ገመድ ለምን አልተበጠሰም ታዲያ?»

«ሽማግሌው ቀላል ነበራ። ከእርጅና ቆዳና አጥንት ብቻ ነበር የቀረው።»

ሊሳንድሮ ጥጆቹን ሲያገላብጥ፣ በጎረቤት ምልክት ላይ በጋለ ብረት አዲስ የተተኮሰ የቶርኩዋቶ ምልክት አገኘ።

ቶርኩዋቶ ጠመንጃውን ጣለ። «ለማን ሊናገር ነበር? ማን ይሰማው ነበር?»

ዶኛ ፕራክሴዲስ ፊቷን ሸፈነች።

ከቀብር መልስ ኒካኖር የሉሴሮን ልጓም ይዞ ወደ ዳኛው ቀረበ። «ይህንን ለማን እንስጠው፣ ጌታዬ?»

«ለእኔ» አሉ ዶን ክሪሳንቶ። «እኔንም ቤት የሚጠብቀኝ የለም።»