የዊዳድ እጆች

ድሬ ውስጥ ዊዳድን የማያውቅ ሰው ካለ፣ ሰርግ ተጠርቶ አያውቅም ማለት ነው። ሙሽራ ሁሉ ሒና የምትቀባው በእሷ እጅ ነው። ታይዋን በሚሉት ገበያ ትንሽ ሱቅ አላት፤ ከላይ ሻሽ፣ ከሻሹ ሥር ደግሞ ከባሕር ኤሊ ቅርፊት የተሠራ አምባር። ከጅቡቲ ተደብቆ ይመጣል፤ ሙሽሮቹ ይሞቱለታል።

አንድ ቀን ሚክዳድ የሚባል ቀጫጫ ልጅ ካሜራ አንጠልጥሎ መጣ። እያለቁ ስላሉት የባሕር ኤሊዎች ዘጋቢ ፊልም እየሠራ ነው።

«ወሪያ፣ ድሬ ባሕር አላት እንዴ?» አለችው።

«ኤሊዋ እዚያ ትታረዳለች፣ አምባሩ እዚህ ይሸጣል።»

ዊዳድ ልታባርረው ነበር። ግን ዓይኑ መልካም ነው፣ ምን ታድርግ!

«ፊቴን ካነሳህ ወላሂ አለቀልህ!»

«እጅሽን ብቻ።»

እጇን ብቻ አነሳ። ሁለት ጅሎች! አውራ ጣቷ ላይ ያለችውን ጠባሳ የማያውቅ የድሬ ሴት ማን አለ?

ከዚያ በየቀኑ መምጣት ሆነ። «ለእናቴ ነው» እያለ ሻሽ ይገዛል። ሴትየዋ ስንት ራስ እንዳላት እንጃ።

አንድ ቀን ጅቡቲ የቀረጸውን አሳያት። እንቁላል ልትጥል የወጣች ኤሊ አሸዋ ላይ በጀርባዋ ገልብጠዋታል። ዓይኗ ውሃ ያፈሳል፤ እግሯን እንደ እጅ ታራግባለች።

ዊዳድ «አላውቅም ነበር» ልትል አፏን ከፈተች። ግን ታውቅ ነበር፤ አምባሩን የሚያመጣላት ሰው ነግሯታል። እጇን ሻሹ ሥር ከተተች። ሚክዳድም አየ።

ፊልሙ ከዚራ ሰፈር አዳራሽ የታየ ዕለት ተሸፋፍና ኋላ ተቀመጠች። እጄ አሁን መጣ፣ አሁን መጣ ስትል ፊልሙ አለቀ። ቆርጦ አውጥቶታል!

ከሰፈሩ ሽማግሌዎች አንዱ፣ ሐጂ ኢስሃቅ ተነሱ። «አቦ፣ ታዲያ እዚህ የሚሸጠው ማነው? ለምን አላሳየኸንም?»

ሚክዳድ አንገቱን ደፋ። ዊዳድ ለሷ ሲል ሲዋረድ ማየት አቃታት። ብድግ አለች።

«እኔ ነኝ የምሸጠው። ቀርጾኝ ነበር። ለኔ ብሎ ነው የቆረጠው።»

አዳራሹ ውስጥ ያሉት ሴቶች አንድ በአንድ እጅጌያቸውን አምባራቸው ላይ መጎተት ጀመሩ። ቀድመው የጎተቱት የሐጂ ኢስሃቅ ሚስት ናቸው።

ሚክዳድ ውጭ አንድ ዛፍ ሥር አገኛት።

«በሰው ፊት አሳፈርኩህ» አለች መሬት መሬት እያየች።

«እኔ ነኝ ያፈርኩት። እንዳትርቂኝ ፈርቼ ፊልሜን አስዋሸሁት።»

«እንግዲያው እጄን መልስልኝ።»

«ለፊልሙ ነው ወይስ...?»

«አንተ ደግሞ!» አለችና ፊቷን በሻሿ ሸፈነች።

ኒካ ታስሮ የተጋቡ ዕለት አምባር አላደረገችም። አምባሩ በሚውልበት ቦታ፣ ቀኝ እጇ ላይ፣ በግራዋ ራሷ በሒና ኤሊ ሳለች። ጠመመባት። ሴቶቹ «ይቺ ድንች ናት እንዴ?» ብለው ተንከተከቱ።

ዊዳድ በሐፍረት ቀላች። እጇን ግን አልደበቀችም።