ኢንጂነሯ የቀጠለችው ሽቦ

የልጅቷ እናት ቆጣሪውን አጥፍታ፣ ኃይል አለመኖሩን በቴስተር ሁለት ጊዜ አረጋግጣ፣ በልጇ ጓደኛ ቤት የመታጠቢያ ክፍሉን መስታወት ከግድግዳው ማላቀቅ ጀመረች። ልጅቷ የዕቃ ቦርሳውን ይዛ በሩ ላይ ቆማለች። ቦርሳው ዛሬ ድንጋይ የሞላው ይመስል ከብዷታል።

የክፍል ጓደኞቿ «ኢንጂነር» ነው የሚሏት። እናቷ የኤሌክትሪክ ሠራተኛ ስለሆነች የተበላሸ ቻርጀር ሁሉ ወደ እሷ ይመጣል፤ ቅጽል ስሙንም ትወደዋለች። ስለዚህ ጓደኛዋ በመስታወቱ ዙሪያ የሚያበራ ጌጠኛ መብራት አምሯት «አንቺ ትገጥሚልኝ የለ?» ስትላት፣ አልችልም ማለት አልሆነላትም። ሱቅ አብረው ሄዱ። ሻጩ ውሃ የማያስገባውን ቢያሳያቸውም ልጅቷ ቀለሙን የሚቀያይረውን መረጠች። ይሄኛው ለሳሎን እንጂ ለመታጠቢያ ቤት አይሆንም ቢላት፣ አውቀዋለሁ ብላ አፉን አስዘጋችው። ቅዳሜ ከሰዓት ሽቦውን ቀጥላ መጋጠሚያውን በማጣበቂያ ናስትሮ ጠቀለለችው። መብራቱ ሲበራ ጓደኛዋ በደስታ አቀፈቻት።

ትናንት የጓደኛዋ ታናሽ እህት ከሻወር ወጥታ በእርጥብ እጇ ነካችው። ነዘራትና ወደ ኋላ ወደቀች። አሁን ክንዷ በፋሻ ተጠቅልሎ ሳሎን ከእናቷ አጠገብ ተቀምጣለች። ማን እንደገጠመው ሲጠየቅ ጓደኛዋ እኔ ነኝ አለች። ስልኳን ተቀማች፣ ከቤት እንዳትወጣም ተከለከለች፤ የማንንም ስም ግን አላነሳችም።

የልጅቷ እናት ከመስታወቱ ጀርባ ሽቦውን ስባ አወጣችና ናስትሮውን ላጠችው። ሦስት ጊዜ ተጠምዝዞ ጫፉ ወደ ኋላ ታጥፏል። እንደዚያ መቀጠልን ለልጅቷ ያስተማረቻት ራሷ ነበረች። ሽቦውን ትክ ብላ አየችው።

«ማነው የቀጠለው?»

«እኔ ነኝ፣ እትዬ» አለች ከልጅቷ ጎን የቆመችው ጓደኛዋ ፈጠን ብላ።

እናቷ ወደ ልጇ ዞር አላለችም። «እሺ» ብቻ ብላ ሽቦውን በፒንሳ ቆረጠችው። ከዚያ ለልጇ ጓደኛ በእርጋታ ታስረዳት ጀመር፦ ውሃ ባለበት ቦታ ውሃ የማያስገባ መብራት ብቻ እንደሚገጠም፣ ኃይሉን የሚቀንሰው ትራንስፎርመር ከበሩ ውጭ እንደሚቀመጥ፣ ያላወቀ ሰው መጠየቅ እንዳለበት። ጓደኛዋ ያላጠፋችውን ጥፋት እየተቀበለች አንገቷን ትነቀንቃለች። ልጅቷ ፊቷ ጋለ። ምነው በጮኸችብኝ ብላ ተመኘች። እናቷ አልጮኸችም።

ቦርሳውን አስቀምጣ ወደ ሳሎን ሄደች። ትንሿ ልጅ ቀና ብላ ፈገግ አለችላት።

«እትዬ» አለች ልጅቷ ወደ ጓደኛዋ እናት ዞራ በስንት ትግል፣ «መብራቱን የገጠምኩት እኔ ነኝ። እሷ ጥፋቱን የወሰደችው እኔን ለማዳን ብላ ነው።»

የጓደኛዋ እናት ቀና ብላ አየቻት እንጂ ተቀመጪ አላለቻትም። ልጅቷ እዚያው ቆማ የሚመጣባትን ጠበቀች።