የሁለተኛው ባለተራ እንጨት

ያን ዓመት በጀርመን አገር ስንቱ መንደር በከተማ ተዋጠ! የሃዝልባህም ተራ ደርሶ በሐምሌ መጀመሪያ የጎረቤቷ ከተማ ሰፈር ሆነች። በዚያው ማለዳ፣ ለከተማው ፈርሞ አሳልፎ የሰጣት ሹሟ ኦቶካር መንደርተኛው በተራ በሚጋግርበት የጋራ ዳቦ መጋገሪያ ቤት ራሱን ተመትቶ ሞቶ ተገኘ።

መርማሪ ሮስቪታ ስትደርስ ፖሊሶቹ አንጥረኛውን ጉንዶልፍን በካቴና አስረውታል። በስብሰባ ላይ ኦቶካርን «አንገትህን ባልቆርጠው!» ብሎ ፎክሮበት ነበር። እኩለ ቀን ላይ ወደ ወህኒ ሊወስዱት ነው። ሮስቪታ የዚያው መንደር ልጅ ናትና ጉንዶልፍ አፉ እንጂ እጁ ክፉ እንዳልሆነ ታውቃለች። ይህ ግን ማስረጃ አይሆንም።

አስከሬኑ ሲነሳ ቤቱን ቃኘች። ምድጃው ቀዝቃዛ ነው፤ ኦቶካር ያመጣው እንጨትም ከነእስሩ ተቀምጧል። የዕለቱ የመጋገር ተራ በዕጣ በሚጻፍበት ሰሌዳ ላይ አንደኛ ኦቶካር፣ ሁለተኛ ቮልክማር፣ ሦስተኛ ጉንዶልፍ ይላል። በሩ ላይ ወፋፍራም ፍልጥ የተከመረበት የቮልክማር ጋሪ ቆሟል። የጉንዶልፍ ቅርጫት ግን ጭራሮ ብቻ ነው የያዘው።

አስከሬኑን ያገኘው ቮልክማር የመንደሩ እሳት አጥፊ ጓድ አለቃ ነው። ሮስቪታን ክርስትና ያነሳትም እሱ ነው።

«አባባ፣ ሲመጡ ምን አስበው ነበር?»

«ኦቶካር ጋግሮ ጨርሷል፣ ምድጃው ሞቆ ይጠብቀኛል ብዬ ነዋ፣ ልጄ። ገባ ስል ተዘርሯል።»

«ተጣልታችሁ ነበር?»

«በመፈረሙ ያልተጣላው ማን አለ? እናትሽም ሰላምታ ነስታው ነው የሞተችው።»

ውጭ ወጥታ ወዲያ ወዲህ አለች። መንደሩ መግቢያ ላይ የከተማው ሠራተኞች የድሮውን የስም ሰሌዳ እየነቀሉ ነው። መጋገሪያ ቤቱንም ሰኞ ሊያፈርሱት ነው። ሴቶቹ ሊጣቸው ከገበታው እየገነፈለ ተሰልፈዋል፤ አንዷ ወይ እንጋግር፣ ወይ ሊጡን ለከተማው ከንቲባ እንላክለት ብላ አሾፈች።

ሮስቪታ ሁሉንም ሰበሰበቻቸው።

«ቀዝቃዛውን ምድጃ የሚያሞቀው አንደኛው ባለተራ ነው፤ ጋሪ ሙሉ ፍልጥ ያመጣል። ተከታዮቹ ሞቆ ስለሚያገኙት ጭራሮ ይበቃቸዋል። ጉንዶልፍ ጭራሮ ነው ያመጣው፤ ምድጃው አለመለኮሱን አያውቅም ነበር። ሁለተኛው ባለተራ ታዲያ ለምን ጋሪ ሙሉ ጫነ?»

ሰው ሁሉ ወደ ጋሪው ዞረ።

«ሞቋል ብዬ መጣሁ ብለውኛል፣ አባባ። የጫኑት ግን ለቀዝቃዛ ምድጃ ነው። ኦቶካር ሳያነድ መሞቱን ከገዳዩ በቀር ማን ያውቃል?»

ቮልክማር ቆቡን አወለቀ። ማለዳ የመጣው የእሳት አጥፊ ጓዱን ለከተማው ብሎ እንዳያስበትንበት ኦቶካርን ሊለምን እንደነበር ተናገረ። ኦቶካር ስቆበት፣ እሱም የዳቦ ማውጫውን ረጅም የእንጨት አካፋ አንስቶ ራሱን መታው።

«ቤት ስመለስ ሚስቴ አቡክታ ጨርሳለች» አለ። «ሊጥ አይጠብቅማ። እጄ በልማዱ ለቀዝቃዛ ምድጃ የሚበቃውን ጫነ።»

ሮስቪታ እንባዋን ሳትጠርግ ካቴናውን ከጉንዶልፍ ፈትታ በክርስትና አባቷ እጅ ላይ አሰረችው።

«አንድ ነገር ልለምንሽ፣ ልጄ። ሴቶቹ በእንጨቴ ይጋግሩ። የመጨረሻው ነው።»

ቤቱ ግን ሰው የተገደለበት ነው። በሩን ዘግታ የከተማው ስም ያለበትን ማሸጊያ ለጠፈችበት። ሴቶቹ ገበታቸውን ተሸክመው ተመለሱ፤ ያን ቀን የሃዝልባህ ሊጥ ሁሉ ለአሳማ ተደፋ።