ያልወጣ እርም

«ማን ሞተ?» አለች እናቷ።

«ማንም አልሞተም፣ እማ። የትምህርት ቤት ነው፤ የቤት ሥራ» አለች ፍሬ ፈጠን ብላ።

እናቷ ፀሐይ ቢየርቪካ የሚባለው የኦስሎ ሰፈር ቢሮ ስታጸዳ ውላ ገና መግባቷ ነው። አንዱን ጫማ አውልቃ፣ ሁለተኛውን ሳታወልቅ ኮሪደሩ ላይ ቆማ ቀረች። ፍሬ የጠየቀቻት «እርም ማውጣት ምን ማለት ነው?» ብላ ብቻ ነበር። ግን በሐበሻ ቤት እንዲህ ያለ ጥያቄ እንዲያው ዱብ አይልም። መርዶ ሊያረዳ የመጣ ሰው ነገሩን ከሩቅ እንደሚጀምር ልጅቷ ረስታው ነበር።

«ስለ እርም የሚያስጠይቅ የምን የቤት ሥራ ነው?»

«የእንግሊዝኛ።»

ፀሐይ ሰው ሩቅ አገር ሲሞት ዘመድ ተሰብስቦ የሚያለቅስለት ልቅሶ ነው ብላ ባጭሩ መለሰችና ወደ ኩሽና ገባች። 

የቤት ሥራው እውነት ነው። የእንግሊዝኛ መምህሯ ተማሪዎቹን ሁለት ሁለት አድርጋ፣ በየቤታችሁ ቋንቋ ልክክ የሚል አቻ የሌለው የእንግሊዝኛ ቃል ፈልጉ ብላለች። ለፍሬ የደረሰቻት ኢና ናት፤ ከዩክሬን የመጣች፣ ቤቷ ሩሲያኛ የሚነገር፣ ዝምተኛ ልጅ። ኢና ዝርዝር ይዛ መጣች። «ፕራይቬሲ» ለሚለው ሩሲያኛ ልክ የሆነ ቃል የለውም አለች። ፍሬ ሳቀች፤ አማርኛስ መች አለው፣ ቢኖረው ኖሮ እናቷ በሩን ሳታንኳኳ ትገባ ነበር? «ፈን» የሚለውም፣ ጨዋታም ደስታም ቢሉት፣ አይገጥምም ተባለ። ኢና ግን ሁለቱንም ሰረዘችና ከታች «ክሎዠር» ብላ ጻፈች፤ ሐዘን መቋጫ ሲያገኝ የሚባለውን።

የኢና አባት ጦርነቱ ላይ ገብቶ ወሬው እንደጠፋ ፍሬ ያወቀችው ያን ጊዜ ነው። የኢና እናት እስከ ዛሬ በየእሁዱ ወደ ስልኩ መልእክት ትልካለች።

«እኛ ነጥብ ማድረግ እንላለን» አለች ኢና በኖርዌይኛ። «ነጥብ ግን ለዓረፍተ ነገር ነው። ለአባት ነጥብ እንዴት ይደረጋል? እናንተ ቃል አላችሁ?»

ፍሬ እንጃ፣ እናቴን እጠይቃለሁ አለቻት። ቃሉ ግን አፏ ላይ መጥቶ ነበር።

ፍሬም የጠፋ ሰው አላት። ታላቅ ወንድሟ ይድነቃቸው ከስድስት ዓመት በፊት ከሊቢያ በጀልባ ተነሥቶ በዚያው ቀረ። አመሩድ ሰፈር ያለው ቤታቸው፣ እግሩ ረግጦት የማያውቀው ቤት፣ ከእሱ ጋር ነው የሚኖረው። የፖስታ ሳጥናቸው ላይ ሦስት ስም ተለጥፏል፤ በዚህ አገር ስሙ ለሌለ ሰው ደብዳቤ አይገባማ። የበሩ ደወል ባልታሰበ ሰዓት ከጮኸ ፀሐይ ትነሣና መጀመሪያ ፀጉሯን ታስተካክላለች።

መሞቱን በዚህ ቤት የምታውቀው ፍሬ ብቻ ናት። ከስምንት ወር በፊት እንዳሻው የሚባል ሰው ከጣሊያን በፌስቡክ ጻፈላት። ከወንድምሽ ጋር በአንድ ጀልባ ነበርን፤ ጀልባው ሲገለበጥ እጁን ይዤው ነበር፣ ግን አመለጠኝ፤ ኦስሎ ፍሬ የምትባል እህት አለችኝ ይል ስለነበር ስፈልግሽ ኖርኩ ይላል መልእክቱ። ፍሬ ሦስት ጊዜ አነበበችና ሆድ ይፍጀው አለች። ለእናቷ አዝና ነው። ለራሷም ፈርታ ነው፤ ወሬው ከአፏ ከወጣ ወንድሟን የገደለችው እሷ የምትሆን መሰላት።

ሆድ ግን ሁሉን አይፈጅም። ከዚያ ቀን ወዲህ ይድነቃቸው ይከተላታል። ባቡር ላይ ከፊቷ የተቀመጠ ልጅ ሁሉ ማጅራቱ የእሱ ነው። ገላዋን ስትታጠብ ውኃው ፊቷ ላይ ሲወርድ ትንፋሿ ቀጥ ይላል፤ ከመዳፏ የሚንሸራተት እጅ ይሰማታል። ከሁሉ የሚያስፈራት ግን ሌላ ነው። እናቷ «ዛሬ ልቤ ይመጣል ይለኛል» ስትል፣ ፍሬ «ይሆናል» ብላ ትመልሳለች።

በማግስቱ ኢና ቃሉን አገኘሽ ወይ አለቻት። ፍሬ እንደምንም አስረዳቻት፤ ሰዎች በማለዳ እንደሚመጡ፣ አብረው እንደሚያለቅሱ፣ ሐዘንተኛዋን ለቀናት ብቻዋን እንደማይተዉአት፣ ከዚያ እርሟን አወጣች እንደሚባል። 

«መጀመሪያ ግን የሚያውቅ ሰው መኖር አለበት» አለች ኢና። «የአባቴን መጨረሻ እያወቀ ዝም ያለ ሰው ካለ፣ መቼም ይቅር አልለውም።»

ፍሬ ቀና ብላ ልታያት አልቻለችም። ከትምህርት ቤት እንደወጣች ለቤተ ክርስቲያናቸው ሽማግሌ ለጋሽ አስፋው ደወለች። አንዴ ከጀመረች በኋላ ማቆም አቃታት። ጋሽ አስፋው አልተቆጧትም። ስምንት ወር ሙሉ ብቻሽን፣ ልጄ? አሉ። ቀጥለውም መርዶ በአንድ ሰው አፍ እንደማይነገር፣ ቅዳሜ ማለዳ ከሰው ጋር እንደሚመጡ፣ እስከዚያ ትንፍሽ እንዳትል፣ እናቷ ቤት መሆኗን ብቻ እንድታረጋግጥ ነገሯት። እስከ ዓርብ ድረስ የሚያውቃቸው ሐበሻ ሁሉ ሰማ። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው።

ዓርብ ከሰዓት በኋላ ፀሐይ ሶፋው ላይ ተቀምጣ የታጠበ ልብስ ታጣጥፋለች።

«እማ፣ ነገ ሥራ አለሽ?»

«የለኝም። ምነው?»

ፍሬ ውሸቷን አዘጋጅታ ነበር፤ የክፍል ጓደኞቼ ይመጣሉ ልትል። ስምንት ወር ለዋሸ ሰው አንድ ቀን መጨመር ምን ይከብደዋል? አፏን ከፈተች፣ ውሸቱ ግን አልወጣ አለ።

«ጋሽ አስፋው ይመጣሉ» አለች። «በጠዋት።»

የፀሐይ እጆች ፎጣው ላይ ቆሙ። ቀና ብላ ልጇን አላየቻትም።

«ስንት ሰው ሆነው?»

«ብዙ።»

ፀሐይ ፎጣውን አጣጥፋ ከሌሎቹ ላይ ደረበችው። ሌላ ልብስ አላነሣችም። ቅርጫቱ ውስጥ ገና ብዙ ነበር።

ጋሽ አስፋው እስከ ነገ ጠብቂ ብለዋል። ፍሬ ግን ስልኳን አውጥታ የእንዳሻውን መልእክት ከፈተችና እናቷ አጠገብ ተቀመጠች።