ወደ ግራ የሚዞረው ወፍጮ

ሰዓት ጠጋኙ ዘይኑልአቢዲን ሆጤ ሰፈር ባለው ሱቁ ውስጥ ጠረጴዛው ላይ ተደፍቶ ሞቶ ተገኘ። ዓመቱ 1970፣ ወሩ ነሐሴ፣ ጾሙ ረመዳን ነበር። ጭንቅላቱን ከኋላ በመዶሻ ተመቷል። እጁ ላይ ያሰረው ሰዓት መስታወቱ ደቅቆ አሥር ሰዓት ከሩብ ላይ ቆሟል። ያገኘችው ሚስቱ መዲና ናት። ቦሩ ሜዳ የታመመች አክስቷን ስታስታምም አድራ በማለዳ መመለሷ ነበር።

የቀበሌው ሊቀመንበር ደምመላሽ አልዘገየም። በዋዜማው አሥር ሰዓት ላይ የመዲና ወንድም ኑርሁሴን ከሟች ጋር ሲጨቃጨቅ፣ በሩንም አላትሞ ሲወጣ ጎረቤት አይቶታል። ወዲያው ታሰረ።

«ነገ ሦስት ሰዓት መኪና ይመጣል» አለው ደምመላሽ ለመርማሪው ለመቶ አለቃ እንየው። «እስከዚያ ሌላ ሰው ካላመጣህልኝ ይጫናል።»

«ወዴት?»

«የሚጫኑት ወደሚሄዱበት።»

እንየው በመጀመሪያ ሞላልኝን አስጠራ። ኮምቦልቻ ፋብሪካ ውስጥ ጸሐፊ ነው።

«ሟች ምንህ ነው?»

«የጡት ወንድሜ። እናቴ ስትሞት እማ ዘሀራ አጥብታ አሳደገችኝ። እሱ፣ ሀምዱ፣ እኔ፣ ሦስት ነበርን። ሀምዱ አምና ተረሸነ። አሁን ከእማ በቀር ሰው የለኝም።»

«ትናንት አሥር ሰዓት ከሩብ ላይስ?»

«ኮምቦልቻ፣ የውይይት ክበብ። ጽሑፉን ያነበብኩት እኔ ነኝ። አርባ ሰው ሲያንጎላጅ አይቻለሁ፤ አርባውም ይመሰክራል።»

«ዘይኑም ይጽፍ ነበር አሉ።»

ሞላልኝ ሳቀ። «ተረት ነዋ! ዙርባን የሚባል የሌለ አገር። ንጉሡ ጊዜ የሚፈጭ ወፍጮ አለው። ወደ ግራ ሲያዞረው ያለፈው ሰዓት ይመለሳል፤ ዱቄቱ እህል ይሆናል፣ የሞተው ይነሳል። ስድስት ደብተር አንብቦልናል።»

«ደብተሮቹ ሱቁ ውስጥ የሉም።»

«ኑርሁሴንን ጠይቀዋ።»

ኑርሁሴን እግሩ አብጦ መቆም አልቻለም። እንየው አጠገቡ ቁጢጥ አለ።

«ለምን ተጣላችሁ?»

«‹ጊዜ የሚመልስ ወፍጮ እያልክ አትጻፍ፤ አብዮት ቀልባሽ ብለው እህቴን ያለ ባል ያስቀሯታል› አልኩት። ወላሂ ይኸው ነው።»

«ከዚያስ?»

«መስጊድ ገባሁ። ከጀማዓው ጋር አፍጥሬ ሦስት ሰዓት ላይ ወጣሁ።» ቀና ብሎ አየው። «ጋሼ፣ ነገ ነው አይደል?»

«ነገ ነው» አለ እንየው።

በማግስቱ ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ ሬሳውን ያጠቡት ሽማግሌ መጡ። መሐረባቸውን ፈቱ። ሥጋው የተበላ የተምር ፍሬ ነበር።

«ስናጥበው ከጉንጩ ሥር ወጣ» አሉ።

«ጾሙን ያፈርስ ነበር?»

«ዘይኑ? አስተግፍሩላህ! ታሞ እንኳ አያፈርስም።»

እንየው ከዚያ ወደ ሟች እናት ወደ ዘሀራ ቤት ሄደ። አሮጊቷ ከነጠላቸው ሥር አንድ ደብተር አወጡ።

«ሊሞት ሰሞን የሰጠኝ ነው። ‹እማ፣ ጁምዓ መጥቼ እስካነብልሽ ለማንም እንዳትሰጪ› አለኝ። እኔ ፊደል አላውቅ። ምን ይላል ልጄ?»

«ይሰማሉ፣ እናቴ።»

ሰባተኛው ደብተር ነበር። እንየው ደጃፉ ላይ ተቀምጦ ከፈተው።

ሁሉንም ሱቁ ውስጥ ሲሰበስብ ሦስት ሰዓት አልፎ ነበር። አልቸኮለም። ያ መኪና ከአምስት ሰዓት በፊት መጥቶ አያውቅም። ዘሀራና መዲና ተቀመጡ። ሞላልኝ ቆመ። ደምመላሽ ጥርሱን እየፋቀ በሩ ላይ ተደገፈ።

«ጾመኛ አሥር ሰዓት ላይ ተምር አይበላም» አለ እንየው ፍሬውን ጠረጴዛው ላይ እያስቀመጠ። «ፍሬውን እንኳ ሳይተፋ ነው የተመታው። ስለዚህ የሞተው ፀሐይ ጠልቃ መግሪብ አዛን ሲል ነው፤ ሆጤ ሁሉ ቤቱ ገብቶ ሲያፈጥር፣ መንገዱ ላይ ሰው ሳይኖር። ሰዓቱን ገዳዩ ወደ ኋላ መልሶ ሰበረው። ኑርሁሴን በመግሪብ መስጊድ ነበር። ሞላልኝ ግን አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ከኮምቦልቻ መኪና ወርዷል፤ ሾፌሩን ትናንት ጠይቄዋለሁ።»

«ወንድሜን ለምን እገድላለሁ?»

እንየው ደብተሩን ገለጠ። «በዙርባን ለንጉሡ የሚገደሉትን ስም የሚጠቁም ሰው አለ። አንድ ጡት የጠባውን ወንድሙን አሳልፎ ሰጠ፤ ከዚያ ከእናትየው ማዕድ ቀርቦ አለቀሰ። ዘይኑ ይህን ጁምዓ ለእናቱ ሊያነብ መሆኑን እያፈጠረ ነገረህ። የኑርሁሴንንም የአሥር ሰዓት ጠብ ነገረህ። ስድስቱን ደብተሮች ወሰድክ፤ ሰባተኛው እዚህ ነው። እንዲህም ይላል፦ ‹ወፍጮው ሁሉን ይመልሳል፤ በአፍ የገባውን ግን አይመልስም።› ሰዓቱን መለስክ፤ አፉን ግን አላየህም።»

ሞላልኝ ወደ ዘሀራ ዞረ። «እማ... አንተ ወይ እሱ አሉኝ።»

«ሀምዱዬን?» አሉ ዘሀራ። ደረታቸውን በመዳፋቸው ያዙ። «የጠባኸውን መልስልኝ።»

«እማ—»

«መልስልኝ አልኩህ።»

ደምመላሽ መፋቂያውን ጣለና አጨበጨበ። «ጎበዝ! ላቋርጥህ አልፈለግኩም፤ ጥሩ ወሬ ነው። ብቻ ዛሬ መኪናው አልዘገየም። ልክ በሦስት ሰዓት ደርሶ ኑርሁሴንን ጫነው። ተኩሱንም ስትገቡ ሳትሰሙት አልቀራችሁም።»

ግድግዳው ላይ ሰዓቶቹ ይመታሉ። መዲና ወደ እንየው ቀና አለች።

«መቶ አለቃ፣ ፍሬው መቼ እጅዎ ገባ?»

«አንድ ሰዓት ላይ።»

«ደብተሩስ?»

«አንድ ተኩል።»

«ያነበቡልን ስንተኛው ገጽ ላይ ነው?»

እንየው ደብተሩን አየው። «ሦስተኛው።»

«ከዚያ በኋላ እስከ ሦስት ሰዓት ምን ያደርጉ ነበር?»

እንየው ዋሽቶ አያውቅም።

«የተረቱን መጨረሻ ማወቅ ፈልጌ ነበር» አለ።