አድሮ የጠቆረው አበባ

ንጉሡ በነገሡ በዘጠነኛው ዓመት፣ ክረምቱ ሊወጣ ሲል፣ የቤተ መንግሥቱ መድኃኒት ቤት ሥር ማሽ የነበሩት ሴት በእርጥብ ቅጠል የተጠቀለለ አበባ ይዘው ከጫካ ወጡ፤ በቀጥታም ለቤቱ የዕፅዋት መጽሐፍ ሥዕል ወደሚሥለው ሠዓሊ ክፍል ገቡ። ሠዓሊው የእኅታቸው ልጅ ነበር፤ እናቱ ስትሞት ያሳደጉትም፣ እጁን ይዘው ለመድኃኒት ቤቱ አለቃ የሰጡትም እሳቸው ነበሩ።

“እስቲ እየው ልጄ! ግንዱም ነጭ፣ አበባውም ነጭ፤ ለወግ እንኳ አንድ አረንጓዴ ቅጠል የለው። ፀሐይ በማይደርስበት፣ ከትልልቆቹ ዛፎች ሥር ነው ያገኘሁት። ለአለቃ ነግሬያቸዋለሁ፤ ዛሬውኑ ሣለው።”

ሠዓሊው በዓይኑ በብረቱ አየ። ግን የአለቃው ሚስት ያዘዙት የጽጌረዳ ሥዕል ነበረበት፤ የቤቱም ደንብ ተክል ሁሉ በወረቀት መካከል ተጭኖ ሲደርቅ ይሣል የሚል ነው። “ነገ ይደርሳል፣ አክስቴ” አለና ድንጋይ ጫነበት።

እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል፤ ይህኛው አድሮ ጠቆረ። ወረቀቱ በአለቃው ፊት ሲገለጥ አበባው ከሰል መስሎ ነበር።

“ነጭ ነው አላሉኝም?” አሉ አለቃው ተቆጥተው። “በንጉሥ ቤት ይቀለዳል?”

“ትናንት ነጭ ነበረ ጌታዬ። እሱም አይቶታል፤ ይጠየቅ” አሉ አክስቱ።

ሠዓሊው አየሁ ቢል ያበላሸኸው አንተ ነህ ሊባል ነው። ፈራ። “ልብ ብዬ አላየሁትም፣ ጌታዬ።”

አክስቱ ዞረው አዩት። ድንጋዩን የጫነው እሱ ነው ማለት ይችሉ ነበር፤ አላሉም። “እንግዲያስ ዓይኔ ደክሞ ይሆናል” አሉ ቀስ ብለው።

“ዓይኑ የደከመ ሥር ማሽ መርዙን ከመድኃኒቱ እንዴት ይለያል?” አሉ አለቃው። አክስቱ አርባ ዓመት የማሱበትን መቆፈሪያ በዚያው ዕለት አስረከቡ።

በዓመቱ፣ ጸጸት እንቅልፍ የነሳው ሠዓሊ ጫካ ወረደ፤ አበባውን ሳይቀጥፍ፣ ተንበርክኮ ሣለው። ሥዕሉንም አክስቱ ቤት ይዞ ሄደ። ከበር ቆሞ ሲዘረጋው እሳቸው ከምድጃው ዳር ሳይነሡ አዩት።

“ግንዱ ላይ በቅጠል ፋንታ ሰባት ነጭ ቅርፊት ነው ያለው” አሉ። “አንዷን ረስተሃል።”

“አክስቴ፣ ይቅር ይበሉኝ።”

“መጀመሪያ ቅርፊቷን ጨምር።”

ጨመረ። ሥዕሉ ወደ መጽሐፉ ሲገባ ግን አለቃው ከግርጌው “ሠዓሊው ያገኘው” ብለው አስጻፉበት፤ ያን ጊዜም ዝም አለ። መጽሐፉ ዛሬም አለ፤ ነጩን አበባ ያየ ሁሉ ሠዓሊውን ያመሰግናል። ስለ ሥር ማሿ የተረፈው ግን በመድኃኒት ቤቱ መዝገብ የሰፈረ አንድ መስመር ነው፤ ዓይኗ ደክሞ ተሰናበተች ይላል።