ከምድር ቤት የተጮኸው ቁጥር

የኮምፒውተር ባለሙያው ሬሳ የተገኘው በኢንሹራንሱ ቅርንጫፍ ምድር ቤት፣ አሮጌው ሰርቨር ሥር በግንባሩ ተደፍቶ ነው። ማጅራቱን በብረት ተመቷል። ምሳ ያደረሰችለት ሚስቱ ስትጨቃጨቀው ተሰምታለች፤ ሰው ሁሉ ፈርዶባታል። እሷ ከታሰረች ጡት ያልጣለች ልጇን ማን ያነሳታል? ምድር ጠበበቻት።

«ምን አጣላችሁ?» አላት መርማሪው። ባልደረቦቹ «ጭልፊት» ይሉታል።

«ይሄን ሥራ ልቀቅ አልኩት። ሌት ተቀን እዚህ ጉድጓድ! በእናትህ ልቀቅ ብዬ አለቀስኩ።»

ጭልፊት ወደ ሰርቨሩ ዞረ። ሲስተሙ ዕድሜ የጠገበ ነው፤ ዲስኩ ሲቀየር የሶፍትዌር ፈቃዴ እንደገና ይጽደቅልኝ ብሎ ቢሮውን አስቁሞት ሰንብቷል። የሚጸድቀው ደግሞ በስልክ ብቻ ነው፤ ስክሪኑ ላይ ያለው ረጅም ቁጥር በስልክ ይገባል፣ ሌላ ረጅም ቁጥር መልስ ይመጣል። አሁን ስክሪኑ «ጸድቋል» ይላል። ጭልፊት ስልኩን አወጣ። ኔትወርክ የለም። የመጣለት ደረጃው አፍ ላይ ሲደርስ ነው።

ገንዘብ ያዡን ጠየቀው። «ሚስቱ ስትወጣ ሲስተሙ ይሠራ ነበር?»

«የት ሠርቶ! ቆይቶ ነው ሥራ አስኪያጁ ደውለው ‹ተነስቷል፣ አስተናግድ› ያሉኝ። ድምፃቸው ተዘግቶ መጀመሪያ አላወቅኳቸውም።»

«አንተስ የት ነበርክ?»

«ከመስኮቴ ንቅንቅ አላልኩም፤ ወረፋው በሙሉ ምስክሬ ነው።»

ሥራ አስኪያጁ ሙቅ ውሃ እየተጎነጨ በሻከረ ድምፅ መለሰ። «ከቢሮዬ አልወረድኩም። ድምፄም በለቅሶ ነው የተዘጋው፤ ልጄ ማለት ነበር።»

ጭልፊት ሦስቱንም ምድር ቤት ሰበሰባቸው።

«እዚህ ስልክ አይሠራም» አለ። «ስለዚህ ሥራው የሁለት ሰው ነው። ሟቹ ከዚህ ቁጥሩን እየጮኸ ያነባል፤ ሌላው ደረጃው አፍ ላይ በስልክ ያስገባና መልሱን ወደ ታች እየጮኸ ያቀብላል። ሚስቱ ስትወጣ ሲስተሙ ገና አልተነሳም ነበር። እሷ ከሄደች በኋላ ያስነሳው ሟቹ ነው፤ በሕይወት ነበር ማለት ነው። ገንዘብ ያዡ ወረፋው ፊት ነበር። እርስዎ ድምፄ በለቅሶ ተዘጋ አሉ። ለገንዘብ ያዡ ሲደውሉ ግን ሬሳው አልተገኘም ነበር። ታዲያ ማንን ነበር የሚያለቅሱት? ድምፅዎን የዘጋው ደረጃው አፍ ላይ ቁጥር ሲጮኹ ነው።»

ሥራ አስኪያጁ መሬት ላይ ቁጭ አለ።

«አዲስ ሰርቨር ገብቷል ብዬ ለቦርዱ ሪፖርት ካደረግሁ ቆየሁ» አለ። «ሲነሳልን ላመሰግነው ወረድኩ። ‹ይሄ የመጨረሻዬ ነው፤ ሚስቴ አልቅሳብኛለች፣ ለቅቄያለሁ። እውነቱን ግን ለቦርዱ ሳልናገር አልወጣም› አለኝ። ብረቱን ያነሳሁት ያኔ ነው።»

«በቃ፣ እህቴ፣ ነፃ ነሽ» አላት ጭልፊት።

አልሰማችውም። ባሏ እሺ ሳይላት ነበር የተለያዩት። ተንበርክካ የሥራ አስኪያጁን ኮት በሁለት እጇ ያዘች።

«ምን አለ? እስቲ ያለውን ድገምልኝ።»